ስክሪፕት፣ ሮስተርና አምስቱ ሙሐመዶች

ከመርሳ እስከ ወልዲያ ባሉት የጽሕፈትና ፎቶ ኮፒ ቤቶች ፍላሽ ሰክቶ ሾርትከት ቫይረስ ያልገጠመው ሰው ጥቂት ነው። ፎልደሮቹ ይጠፋሉ፤ በቦታቸው የቀስት ምልክት ያለባቸው አቋራጮች ይደረደራሉ። ቤቱን የሚያሠራው ልጅ አይደነግጥም። ጥቁሩን መስኮት ከፍቶ አትሪብ የሚለውን ትእዛዝ ከነምልክቶቹ በቃሉ ይጽፋል፤ የተደበቀው ሁሉ ይመለሳል። ያንኑ መስመር ኖትፓድ ላይ ጽፎ ቅጥያው ባት በሆነ ፋይል ቢያስቀምጠው፣ ከዚያ ወዲያ ፋይሉን ከፈት ማድረግ ብቻ ይበቃዋል። ይህ ፋይል ስክሪፕት ይባላል። ከዚህ ቫይረስ ዝርያዎች ብዙዎቹም በቪቢ ስክሪፕት የተጻፉ ናቸውና በሽታውም መድኃኒቱም ከአንድ ቤት የወጡ ናቸው።

ይህ ልጅ ግን «ፕሮግራም ትጽፋለህ?» ቢሉት አይ ይላል። ለምን አይ እንደሚል ያሰብን እንደሆነ፣ ስለ ስክሪፕት የሚወሩትን ነገሮች አንድ በአንድ ማየት ይሻላል።

«የሒሳብ ጎበዝ ካልሆኑ አይሞከርም»

የቢሮ ስክሪፕት ከመደመር፣ ከማካፈልና ከማወዳደር ብዙም አያልፍም። ከባዱ ነገር ሌላ ነው፤ የራስን ሥራ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ፣ ምንም ሳይዘሉ መናገር መቻል። ሮስተር የሚሠራ የክፍል ኃላፊ መምህርን እንውሰድ። ከየትምህርቱ መምህር ውጤት ይሰበስባል፣ ይደምራል፣ አማካይ ያወጣል፣ ደረጃ ይሰጣል። ቀላል ይመስላል። ሁለት ተማሪዎች እኩል አማካይ ቢያመጡስ? ሁለቱም 3ኛ ከሆኑ ቀጣዩ 4ኛ ነው ወይስ 5ኛ? ታሞ ፈተና ያልተቀመጠው ልጅ ዜሮ ይጻፍበታል ወይስ ባዶ ይተዋል? የአንድ ትምህርት ውጤት ያልመጣለት ተማሪስ ደረጃ ውስጥ ይገባል? መልሱን የሚያውቀው መምህሩ ነው። በኮምፒውተር ሳይንስ የተመረቀ ሰው ተጠርቶ ቢመጣ መጀመሪያ የሚያደርገው ነገር መምህሩን እነዚህኑ መጠየቅ ነው። እኔ እንደማምነው መምህሩ ኮድ መጻፍ ቢማር፣ ኮደሩ ትምህርት ቤቱን ከሚማር ይልቅ መንገዱ ያጥራል። በወልዲያ ዩኒቨርሲቲ መርሳ ካምፓስ ግብርና የሚያጠና ተማሪም እንዲሁ ነው፤ የመስክ መረጃውን የሚያውቀው እሱ ነው።

ስክሪፕት ከሚጻፍባቸው ቋንቋዎች አንዱ የሆነው ፓይተን ለጀማሪ የሚመከረውም በአጋጣሚ አይደለም። ጊዶ ቫን ሮሰም በ1991 እ.ኤ.አ. ሲያወጣው፣ ቀድሞ አምስተርዳም ውስጥ ከሠራበት ኤቢሲ ከተባለ ቋንቋ ብዙ ወስዷል፤ ኤቢሲ ደግሞ የታሰበው ፕሮግራመር ላልሆኑ ሰዎች ነበር።

«እንግሊዝኛ የማይችል አይነካውም»

ግማሹ እውነት ነው። የፓይተን ቋሚ ቃላት 35 ብቻ ናቸው፤ ለዕለት ሥራ የሚፈለጉት ከዚያም ያንሳሉ። የስሕተት መልእክቶቹ ግን በእንግሊዝኛ ይመጣሉ፤ መለመድ አለባቸው። ብዙዎች የማያውቁት፣ በ2008 እ.ኤ.አ. ከወጣው ፓይተን 3 ጀምሮ ለመረጃው የምንሰጠው ስም በግዕዝ ፊደል ሊሆን መቻሉን ነው። «ደመወዝ» ብሎ ሰይሞ፣ «ጡረታ» ማለት ደመወዝ ሲባዛ በ0.07 ነው ብሎ መጻፍ ይቻላል፤ ቋንቋው ያለ ቅሬታ ይቀበላል።

«ኤክሴል እያለ ምን ያደርጋል?»

ይህ ተረት አይደለም፤ ብዙ ጊዜ ልክ ነው። አንድ ሠንጠረዥ ብቻ ካለ ኤክሴል ይበቃል፤ ስክሪፕት መጻፉ ጊዜ ማባከን ነው። ነገሩ የሚለወጠው ፋይሉ ሲበዛ ነው። ከየቀበሌው የመጣ ሪፖርት፣ እንደ ሲሪንቃው ባለ የግብርና ምርምር ማዕከል ከየሙከራ መደቡ የሚሰበሰብ መረጃ፣ ወይም የ12 ወር ፔሮል ሲሆን ኮፒ ፔስት ቀን ይበላል። በሐምሌ 2017 የደመወዝ ግብር ሲሻሻል ከግብር ነፃ የሆነው ወርኃዊ ገቢ ከ600 ወደ 2000 ብር ከፍ አለ። ቀመሩን በየሴሉ የበተነ ሒሳብ ሠራተኛ እያንዳንዱን ማደን ነበረበት። መጣኔዎቹ አንድ ቦታ በተጻፉበት ስክሪፕት ግን የሚቀየረው ያ ቦታ ብቻ ነው።

ደግሞም ኤክሴል የኛን ቀን መቁጠሪያ አያውቅም። ወር በሚቀድምበት በአሜሪካው አቀማመጥ ላይ 3/13/2016 ብለው ጳጉሜን 3ን ቢጽፉ ማርች 13 አድርጎ ይወስደዋል፤ የካቲት 5ንም 5/6/2016 ብለው ቢያስገቡ ሜይ 6 ይሆናል። ስሕተት አለ ብሎ አይጮኽም። በፓይተን ቀኑ መጀመሪያ እንደ ተራ ጽሑፍ ይነበባል፤ ዓመቱ ለ4 ተካፍሎ ቀሪው 3 ሲሆን ጳጉሜን 6 ቀን እንደምትሆን፣ ለምሳሌ 2015ን፣ እኛው ልንነግረው እንችላለን።

«ያለ ኢንተርኔት አይሠራም»

ከ2015 ማብቂያ ጀምሮ በአማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ለወራት ተቋርጦ እንደነበር የሚያስታውስ ሰው ይህን ቢፈራ አይፈረድበትም። በሐምሌ 2016 ከተባበሩት ዓረብ ኤምሬቶች ጋር የተጀመረውን የ5 ሚሊዮን ኢትዮጵያውያን ኮደሮች ሥልጠና ለመከታተልም ኢንተርኔት ያስፈልጋል። ስክሪፕቱ ራሱ ግን ከመስመር ውጭ ይሠራል። ፓይተንን የሚጭነው ፋይል 30 ሜጋባይት ገደማ ስለሆነ አንድ ሰው ወልዲያ አውርዶ በፍላሽ መርሳ ሊያደርሰው ይችላል። ዊንዶውስ 7 ላይ ያሉ ቢሮዎች ፓይተን 3.8ን ይፈልጉ፤ ከዚያ በኋላ የወጡት አይቀበሉትም። አንድ ነገር ደግሞ፦ ስክሪፕቱ እንዲያነበው ሠንጠረዡን ከኤክሴል ወደ ሲኤስቪ ፋይል ሲያስቀምጡ ዩቲኤፍ 8 የሚለውን ካልመረጡ አማርኛው ሁሉ የጥያቄ ምልክት ሆኖ ይቀራል።

«ኮምፒውተር አይሳሳትም»

ከሁሉ የከፋው ይህ ነው። ስክሪፕት የሰውን ስሕተት ወስዶ ሺህ ጊዜ ሳይታክት ይደግመዋል።

በሐብሩ ወረዳ ጃራ እንዳለው ባለ የተፈናቃዮች መጠለያ የእርዳታ ስም ዝርዝር ሲዘጋጅ፣ ሁለት ጊዜ የተጻፈን ሰው ፈልጎ ማውጣት ስክሪፕት የሚችለው ሥራ ይመስላል። ይሁንና ወሎ ውስጥ አንድ ስም በስንት ዓይነት እንደሚጻፍ አስቡ፤ ሙሐመድ፣ ሙሀመድ፣ መሐመድ፣ መሀመድ፣ ሞሐመድ። ለማሽኑ አምስት የተለያዩ ስሞች ናቸው። ሐን፣ ኀን፣ ሀን ወደ አንድ፣ ሠንና ሰን ወደ አንድ፣ ዐንና አን ወደ አንድ የሚያመጣ አጭር ሠንጠረዥ ቢሰጡት አምስቱ ወደ ሦስት ይወርዳሉ። የቀሩት በድምፅም ስለሚለያዩ ፊደል ማስተካከል ብቻውን አይፈታቸውም፤ ሰው ማየት አለበት።

የተገላቢጦሹ ደግሞ ይብሳል። ሰይድ አሊ ሙሐመድ የሚባሉ ሁለት ሰዎች በአንድ ቀበሌ መኖራቸው ወሎ ላይ የሚያስገርም አይደለም። «ስሙ ከተደገመ ሰርዝ» ተብሎ የታዘዘ ስክሪፕት አንዱን ያለ ምንም ድምፅ ያጠፋዋል፤ ያ ሰው ተሰልፎ ውሎ ስሙ የለም ይባላል። ስለዚህ ትእዛዙ «ሰርዝ» ሳይሆን «ምልክት አድርግ» መሆን አለበት። የእናት ስም፣ ዕድሜና ስልክ ጎን ለጎን ይውጡለትና የሚያውቃቸው የቀበሌ ሰው ይወስን። ዋናው ፋይል አይነካ፤ ስክሪፕቱ በቅጂው ላይ ይሥራ።

«አሁንማ ሰው ሠራሽ አስተውሎት ይጽፈዋል»

ይጽፈዋል፤ ብዙ ጊዜም ጥሩ አድርጎ። የሚስተው ደግሞ እዚሁ እኛ ጋ በሚመጣው ነገር ላይ ነው፦ ጳጉሜን ይረሳል፣ ሞክሼ ፊደላትን እንደ ተለያዩ ይቆጥራል፣ የአባትን ስም እንደ ቤተሰብ ስም ይወስዳል። የጻፈውን ማንበብ የማይችል ሰው ይህን አያይም። ከሁሉ በላይ ግን የተፈናቃይን ወይም የተማሪን ዝርዝር እንዳለ ወስዶ ለሰው ሠራሽ አስተውሎቱ መለጠፍ አይገባም፤ ከ2016 ጀምሮ አገሪቱ የግል መረጃ ጥበቃ አዋጅ አላት። አምስት የፈጠራ ሰዎች ያሉበት ናሙና ለሥራው ይበቃል። ናሙናው ውስጥ አንዱ ሙሐመድ አንዱ መሀመድ ይሁኑ፣ የአንዱ የልደት ቀንም ጳጉሜን 3 ይሁን።