ከበጎች ጉረኖ እስከ ፊልም፦ ሳም ሼፓርድና የገበሬው ዕዳ

አሜሪካዊው ሳም ሼፓርድ ተዋናይም ደራሲም ነበር። ከሁለቱም አስቀድሞ ግን በግ አርቢ ነበር። የተወለደው እ.ኤ.አ. በ1943 ሲሆን፣ ያደገው በካሊፎርኒያ፣ አቮካዶ በሚለማበት የቤተሰብ እርሻ ላይ ነው። አባቱ በሁለተኛው የዓለም ጦርነት አውሮፕላን አብራሪ የነበሩ፣ በኋላም መጠጥ የጎዳቸው ሰው ነበሩ። ኮሌጅ ገብቶ የእንስሳት እርባታ መማር ጀምሮ ነበር፤ ብዙም ሳይቆይ ትምህርቱን ትቶ ከተጓዥ የቴአትር ቡድን ጋር ሄደ። ኒውዮርክ ሲደርስ በአንድ የሙዚቃ ቤት በአስተናጋጅነት እየሠራ መጻፍ ጀመረ።

ከ50 በላይ ተውኔቶችን ጽፏል። ‹የተራበው መደብ እርግማን› ተብሎ ሊተረጎም በሚችለው ተውኔቱ ውስጥ ባልና ሚስት አንዱ ከሌላው ተደብቀው ያንኑ አንድ እርሻ ለመሸጥ ይዋዋላሉ። ወጥ ቤቱ ውስጥ ትል የያዘው ጠቦት ታስሯል። ይህን ለመጻፍ በረት ውስጥ የዋለ ሰው መሆን ሳያስፈልግ አይቀርም። ‹የተቀበረው ልጅ› የተሰኘው ሌላው ተውኔቱ በ1979 የፑሊትዘር ሽልማትን አስገኝቶለታል።

በፊልምም ገበሬ ሆኖ ተውኗል። በ1978 ለእይታ በበቃው ‹የሰማይ ቀናት› አንበጣ የስንዴ ማሳው ላይ የሚሰፍርበትን ባለጸጋ ሆኖ ቀርቧል። ለገጠሩ ተመልካች ይበልጥ የሚቀርበው ግን በ1984 የወጣው ‹ካንትሪ› ነው።

ፊልሙን ለመረዳት ዘመኑን ማወቅ ይጠቅማል። በ1970ዎቹ የእህልና የመሬት ዋጋ ስለ ናረ፣ የአሜሪካ ገበሬዎች መሬታቸውን አስይዘው እንዲበደሩና እርሻቸውን እንዲያሰፉ ይበረታቱ ነበር። በእኛ አገር መሬት አይሸጥም፣ አይለወጥም፤ በዚያ ግን ዕዳውን መክፈል ያቃተው ገበሬ መሬቱ በጨረታ ሊሸጥበት ይችላል። በ1980ዎቹ የብድር ወለድ አሻቅቦ የእህልና የመሬት ዋጋ ሲወርድ፣ ትናንት በቂ ዋስትና የነበረው መሬት ዕዳውን መሸፈን ተሳነው።

ሼፓርድ የተጫወተው ጊል አይቪ በአይዋ ግዛት በቆሎ የሚያመርት ገበሬ ነው። አበዳሪው የመንግሥት መሥሪያ ቤት ብድሩን እንዲከፍል ሲያስጨንቀው ወደ መጠጥ ያዘነብላል፤ ቤቱንም ጥሎ ይሄዳል። ጎረቤት አስተባብራ መሬቱን ለማዳን የምትታገለው ሚስቱ ናት። ሼፓርድ የጊልን ሽንፈት በጀግንነት ለመሸፈን አልሞከረም፤ የትወናውም ጥንካሬ ከዚህ የመጣ ይመስለኛል። ሚስቱን ሆና የተወነችው ጄሲካ ላንግ በእውኑም ሕይወት የፍቅር አጋሩ ነበረች። በ1985 በአሜሪካ የምክር ቤት አባላት ፊት ቀርባ ስለ ገበሬዎች ችግር የምስክርነት ቃሏን ሰጥታለች።

በዚያው በ1984 ሼፓርድ በጽሑፉ የተሳተፈበት ‹ፓሪስ፣ ቴክሳስ› የካንን ፊልም ፌስቲቫል ከፍተኛ ሽልማት አገኘ። በ2005 ደግሞ ከዚያው ፊልም አዘጋጅ ከቪም ቬንደርስ ጋር ሌላ ፊልም ጽፎ፣ መሪ ተዋናይ ሆኖ ሠራበት። በኬንታኪ በነበረው እርሻ ፈረስ ያረባ ነበር፤ የሚጽፈውም በጽሕፈት መኪና ነበር።

በመጨረሻ ጡንቻን ደረጃ በደረጃ የሚያዳክም የነርቭ ሕመም እጆቹን ከለከለው። የመጨረሻ መጽሐፉን በድምፅ እየቀረጸ፣ ኋላም ቤተሰቦቹ እየጻፉለት አጠናቀቀ። በሐምሌ ወር 2017 በዚያው በእርሻው ላይ አረፈ፤ መጽሐፉ የታተመው ከሞቱ በኋላ ነው።