ካሜራው ከአውራ ጎዳናው አልራቀም

ዓለም ወሎን ያወቀው በፊልም ነው። ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም. ጋዜጠኛው ጆናታን ዲምብልቢ የወሎን ረሃብ ለእንግሊዝ ቴሌቪዥን ተመልካች አሳየ። በዓመቱ፣ ጃንሆይ ከዙፋን በወረዱበት ዋዜማ፣ ደርግ ያንኑ ፊልም ከቤተ መንግሥት ድግስ ጋር እያፈራረቀ ለአገሬው አስተላለፈው። ጥቅምት 13 ቀን 1977 ዓ.ም. ደግሞ ማይክል በርክና መሐመድ አሚን፣ ያኔ በወሎ ክፍለ ሀገር ሥር ከነበረችው ከኮረም ያመጡት ዘገባ በቢቢሲ ታየ። እነዚህ ፊልሞች ነፍስ አትርፈዋል፤ ውለታቸው አይካድም።

ግን ካሜራው የተተከለው ረሃብተኛው በተሰበሰበበት፣ መኪና በሚደርስበት ነው። የወሎዋ ከተማ መካነ ሰላም ከዚያ አውራ ጎዳና በስተምዕራብ ርቃ ትገኛለች። በዙሪያዋ ያሉት የቦረና፣ የሳይንትና የወግዲ ወረዳዎች አባይና በሽሎ በቆፈሯቸው ሸለቆዎች የተከበቡ ናቸው። ከዚያ ወደ ሰሜን ምሥራቅ፣ መቅደላ አምባ ላይ፣ በ1860 ዓ.ም. ካሜራ የደረሰው ከእንግሊዝ ጦር ጋር ነበር።

በእነዚህ ወረዳዎች ደጋ ላይ በልግ ሲቀር ወይም ገብሱን ውርጭ ሲመታው መጀመሪያ የሚሸጠው በጉ ነው። ከዚያ ወጣቱ የቀን ሥራ ፍለጋ ይወጣል። ለዘር የተቀመጠው እህል ከጎታ ይወርዳል። በሬው ገበያ የሚወጣው ሌላው ሁሉ ሲያልቅ ነው። ይህ ሁሉ ወራት ይፈጃል፣ ማንም አይቀርጸውም። ሰውዬው ካሜራ ፊት የሚቆመው ቀዬውን ጥሎ መጠለያ ሲደርስ ነው። ጨዋታው፣ ሙያው፣ በመንደሩ የነበረው ክብር አብሮት አይታይም። ይህ በደል ነው ብዬ አምናለሁ።

ሌላ አሠራር እንዳለ ጃፓናዊው የአንትሮፖሎጂ ባለሙያ ኢትሱሺ ካዋሴ ጎንደር ውስጥ አሳይቷል። አማርኛ ተምሮ ከላሊበላዎች ጋር ሰነበተ። ላሊበላዎች ጎህ ሳይቀድ በሰው ደጅ ቆመው፣ ባለቤቱን በስም እየጠሩ ያዜማሉ፤ የተሰጣቸውን ተቀብለው፣ መርቀው ያልፋሉ። ዜማውን የተወ ሥጋ ደዌ ይይዘዋል ስለሚባል ሰው ይሸሻቸዋል፤ ካዋሴ ግን አብሯቸው ዞረ። እ.ኤ.አ. በ2006 በወጣው «11 ቁጥር ክፍል፣ ኢትዮጵያ ሆቴል» በተሰኘው ፊልሙ ደግሞ ሁለት የጎዳና ልጆች እሱ ወዳረፈበት ክፍል እየመጡ ያወጋሉ። ካሜራው ከዚያች ክፍል አይወጣም። ልጆቹ እዚያ እንግዶች ናቸው፤ እንደ ምስኪን የሚያያቸው የለም።

በወሎም እንዲህ መቅረጽ ይቻላል፤ የመቅደላ አምባ ዩኒቨርሲቲ መካነ ሰላም ላይ ግቢ አለው። እዚያ ከሚማሩት መካከል የሳይንትና የቦረና ገበሬ ልጆች አሉ፤ የማንን ደጅ ማንኳኳት እንዳለባቸው ያውቃሉ፣ ስልካቸውም ይቀርጻል። የጎደላቸው ስንቅና ጊዜ ነው። ለአንድ ወይም ለሁለት ወጣት ከበልግ እስከ መኸር አንድ ቤተሰብ ዘንድ የሚያስቀምጥ ገንዘብ ቢመደብ፣ ቤተሰቡም የተቀረጸውን አስቀድሞ አይቶ «ይህ ይቅር» የማለት ሙሉ መብት ቢኖረው፣ ሥራው ዘንድሮ ሊጀመር ይችላል።