ውሃ ዳር ቤት የሚፈርሰው ከሥሩ ነው

ሥራዬ ማርኬቲንግ ነው፤ ገዢ ቀድሞ የሚያነሣው ዓይኑን የሳበውን እንደሆነ አውቃለሁ። ቤት ስንሠራም እንደዚያው ነን። ሴራሚክና ቀለም ስናማርጥ ሳምንት እንሰነብታለን፤ ለመሠረቱ ግን ግማሽ ቀን አንሰጥም።

ይህን ያስተማረኝ ዱርቤቴ ያደግሁበት ቤት ነው። አባቴ በዓል በመጣ ቁጥር ግድግዳውን ያስለስን ነበር። የባሕር ዛፍ ቋሚዎቹን ግን ከመሬት በታች ምስጥና እርጥበት ጨርሰዋቸው ኖሮ፣ አንድ ክረምት የጓዳው ግድግዳ ተደረመሰ።

አሁን ደግሞ ታላቅ ወንድሜ የዓመታት ቁጠባውን ይዞ ባሕር ዳር፣ ጣና አጠገብ ሊሠራ ተነሥቷል። እርስዎም ውሃ ዳር ለመሥራት አስበው ከሆነ ይህ ምክር ለሁለታችሁም ነው።

እንደ ምፅዋና ጅቡቲ ባሉ የባሕር ዳርቻዎች ጨው ያዘለ አየር አርማታ ውስጥ ዘልቆ ፌሮውን ያዝገዋል። የዛገ ፌሮ ስለሚያብጥ አርማታውን ይሰነጥቀዋል። የጣና ውሃ ጨው የለውም፤ የመሬቱ እርጥበት ግን ግድግዳውን እየሳበ ይወጣል፣ ልስኑንም ያራግፋል።

ስለዚህ መሠረቱን በጥቁር ድንጋይ ያስገንቡ፤ ግንቡም ከመሬት ከፍ ይበል። ብሎኬት ከመደርደሩ በፊት ውሃ የማያሳልፍ ንጣፍ ይነጠፍበት። አፈር የሚነካው አርማታ ውስጥ ያለው ፌሮ ቢያንስ 5 ሳንቲ ሜትር ሽፋን ይኑረው። ሠራተኞች ለማቡኪያ እንዲቀላቸው ውሃ እንዳያበዙ ይከታተሉ፤ ከተሞላ በኋላ ግን ቢያንስ ለ7 ቀናት ውሃ ያስጠጡት። የብረት በርና መስኮት ከመገጠሙ በፊት ፀረ ዝገት ቀለም ይቀባ፤ አቅም ከፈቀደ አሉሚኒየም ይሻላል።

ከባሕር ዳር ወደ ጢስ ዓባይ ቢወርዱ፣ በ17ኛው መቶ ዘመን በአፄ ሱስንዮስ ጊዜ የተሠራውን የዓባይ ድልድይ ያያሉ። የተገነባው በድንጋይና በኖራ ነው፤ ውስጡ የሚዝግ ፌሮ የለበትም።

ወንድሜ ለሳሎኑ ያሰበውን ውድ ሴራሚክ ለጊዜው ትቶ ብሩን ወደ መሠረቱ አዙሮታል። እርስዎም ኮንትራክተርዎን ስለ ቀለም ከመጠየቅዎ በፊት፣ ፌሮው ስንት ሳንቲ ሜትር አርማታ እንደሚለብስ ይጠይቁት።