አባት የሚያምጥበት ፊልም

የባሕር ፈረሱ ጅራቱን ሣር ላይ ጠምጥሞ ቆሟል። ሆዱ ተነፍቷል። ወደ ፊት እጥፍ፣ ወደ ኋላ ለጠጥ ይላል፤ ዐይኖቹ አንዱ ወዲህ አንዱ ወዲያ ይንከራተታሉ። በመጨረሻ የከረጢቱ አፍ ይከፈትና ደቃቅ ግልገሎች ውሃው ውስጥ ይበተናሉ። የሚያምጠው አባትየው ነው። እናቲቱ እንቁላሏን ከረጢቱ ውስጥ አስቀምጣለት ሄዳለች። እኛ ለአራስ «እንኳን ማርያም ማረችሽ» እንላለን፤ «ማረችህ» ማለት ያማረኝ ግን ይህን ፊልም ሳይ ብቻ ነው።

«የባሕር ፈረስ» የተሠራው እ.ኤ.አ. በ1934 ነው፤ ርዝመቱ ሩብ ሰዓት ያህል ነው። ሠሪው ፈረንሳዊው ዣን ፔንልቬ፣ አባቱ የሒሳብ ሊቅም ጠቅላይ ሚኒስትርም የነበሩ፣ ሕክምና ጀምሮ ወደ ሥነ ሕይወት የዞረ፣ ጓደኞቹ ግን ሰዓሊና ገጣሚ የነበሩ ሰው ነው። እ.ኤ.አ. በ1928 ስለ አንዲት ትንሽ ዓሣ እንቁላል የሠራውን ፊልም ለሳይንስ አካዳሚው ሲያሳይ፣ አንዱ ምሁር ሲኒማ ቁም ነገር አይደለም ብለው ተቆጥተው ወጡ። እሱ ግን ካሜራውን አላስቀመጠም።

ለባሕር ፈረሱ አርካሾን ወደሚባለው የባሕር ወሽመጥ ወረደ። ካሜራውን ባለመስታወት፣ ውሃ በማያስገባ ሣጥን ከተተው። የሚይዘው ፊልም ለጥቂት ሴኮንድ ብቻ ስለሚበቃ፣ ለመቀየር በየጊዜው ብቅ ማለት ነበረበት። ምጡን ደግሞ በመስታወት ገንዳ ውስጥ ነው የቀረጸው። መቼ እንደሚጀምር አይታወቅምና፣ እንቅልፍ ወስዶት ጭንቅላቱ ዘንበል ካለ በኤሌክትሪክ ቆንጠጥ የሚያደርግ መላ ባርኔጣው ላይ አበጀ። ቀላል ሥራ የሚመስለው ይሞክረው!

ሙዚቃውን የደረሰው ዳርዩስ ሚዮ ነው። ፔንልቬ ሙዚቃ ላይ ቀልድ አያውቅም። እ.ኤ.አ. በ1945 ስለ ደም መጣጭ የሌሊት ወፍ ላወጣው ፊልም የመረጠው የዱክ ኤሊንግተንን ጃዝ ነበር፤ በእኛ አቆጣጠር በ1966 ዓ.ም. አዲስ አበባ መጥቶ ከሙላቱ አስታጥቄ ጋር የተገናኘውን ዱክ። ያቺ የሌሊት ወፍ ክንፏን ስታነሣ የናዚ ሰላምታ የምትሰጥ ትመስላለች፤ ዘመኑ ዘመን ነውና አጋጣሚ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1967 ለወጣው የኦክቶፐስ ፊልሙ ደግሞ የፒየር አንሪ የኤሌክትሮኒክ ድምፅ ገባ፤ እንስሳው ከሌላ ዓለም የመጣ ይመስላል።

አንዳንዴ ተራኪው እንስሳቱን እንደ ሰው ማውራቱን ያበዛዋል፤ እኔን ይህ ይቆረቁረኛል። ሆኖም ምጡ ላይ የአባትየውን ድካም የምናውቀው በሚታጠፈው ገላው ነው። የማጉያ መነጽር ያየውን ሳይንቲስቱ መዝግቦ ያስቀምጠዋል፤ ጭንቀቱን ግን ማየት የሚችለው አጠገቡ ነቅቶ ያደረ ሰው ነው።

ፊልሙ ሲያልቅ የባሕር ፈረሶቹ ቀና ብለው በሰልፍ ይዋኛሉ። ከኋላቸው እውነተኛ ፈረሶች የሚጋልቡበት የእሽቅድምድም ሜዳ ይታያል።