ስም ከነአባቱ

በአንድ ደብር ገብረ ሚካኤል የተባሉ ሦስት ምእመናን ቢኖሩና የመዝገቡ ጸሐፊ የአባታቸውን ስም ሳያክል ቢያልፍ፣ ከዓመታት በኋላ መዝገቡን የሚገልጥ ሰው የትኛው የትኛው እንደ ሆነ ሊለይ አይቻለውም። መረጃን በመክፈቻና በመዝጊያ ምልክት እየከለለ የሚያኖረው ኤክስኤምኤል የተባለ የአጻጻፍ ሥርዓት፣ እ.ኤ.አ. በ1998 ደንቡ በጸደቀ ጊዜ የነበረበት ጉድለት ይኸው ነበር፤ ምልክቶቹን ማንም እንደ ወደደ ይሰይማቸው ዘንድ ስለ ተፈቀደ፣ «ታይትል» የሚለው ስም በአንዱ ዘንድ የገጽ አርእስት፣ በሌላው ዘንድ የሥዕል መግለጫ ሆኖ በአንድ ሰነድ ሊገናኝ ይችላልና።

ስለዚህ እ.ኤ.አ. በ1999 ጥር ወር ኔምስፔስ የተባለው ድንጋጌ ወጣ፤ እርሱም ለእያንዳንዱ ስም እንደ አባት ስም የሚቆም፣ የድረ ገጽ አድራሻ የሚመስል ሐረግ ነው። አድራሻ ይምሰል እንጂ በዚያ የሚጎበኝ ገጽ መኖሩ ግዴታ አይደለም፤ የሚፈለግበት ፊደል በፊደል ሳይዛነፍ መጻፉ ነው። ከስሙ ፊት በሁለት ነጥብ ተለይቶ የሚቀመጠው ባዕድ መነሻ ግን እንደ ቁልምጫ ስም ነው፤ እርሱ ቢለወጥም ሐረጉ እስካልተለወጠ ድረስ ባለቤቱ ያው ነው።

ሰው ሰነዱን በእጁ ሲጽፍ፣ በወላጁ ምልክት ላይ ያለ ባዕድ መነሻ የታወጀው ኔምስፔስ በውስጡ ላሉት ልጆች በውርስ ይተላለፋል፤ በፕሮግራም ሲሠራ ግን ርስቱ የሚገኘው በመኖሪያ ሳይሆን በልደት ነው። ኤስቪጂ በተባለው የሥዕል ቋንቋ ክብ ለመሣል የሚሻ ጀማሪ፣ በብራውዘሩ ውስጥ «ክሪኤትኤለመንት» በሚለው ትእዛዝ «ሰርክል» የተባለውን ምልክት ፈጥሮ በሥዕሉ ውስጥ ቢያስገባው፣ ስሙም ቦታውም ትክክል ሆኖ ሳለ በገጹ ላይ አንዳች አይታይም፤ ያ ምልክት የድረ ገጽ ቋንቋ የሆነው የኤችቲኤምኤል ልጅ ሆኖ ተወልዷልና። በኋላ ኔምስፔስ የሚታወጅበትን «ኤክስኤምኤልኤንኤስ» የሚል አትሪቢዩት ቢለጥፍበትም ዘሩ አይለወጥም። መድኃኒቱ «ክሪኤትኤለመንትኤንኤስ» ነው፤ ይህ ትእዛዝ ኔምስፔሱን አስቀድሞ፣ ስሙን አስከትሎ ይቀበላል።

ዶትኔት በተባለው የፕሮግራም መሥሪያ ስሕተቱ ራሱን በጽሑፍ ይገልጣል፤ ኔምስፔስ ሳይሰጠው የተፈጠረ ልጅ ባለ ኔምስፔስ ወላጅ ሥር ሲገባ፣ በሚወጣው ሰነድ ላይ ባዶ የኤክስኤምኤልኤንኤስ አትሪቢዩት ተሸክሞ «አባት የለኝም» እያለ ይመሰክራል። ይህን ያየ ሰው አትሪቢዩቱን ከሰነዱ ለመፋቅ አይቸኩል፤ ልጁ ያለ አባት ስም የተፈጠረበትን መስመር ፈልጎ ያርም።