ዘፈኑ ፊልሙን ያስከነዳበት የደሴት ፍቅር

አንድ ወጣት የወታደርነት ግዳጁን ጨርሶ ወደ ትውልድ ደሴቱ ይመለሳል። ወላጆቹ ቤት ሳይደርስ በፊት ከፍቅረኛውና ከጓደኞቹ ጋር ባሕር ዳርቻ ሲጨፍር ይሰነብታል። እናትና አባት የሚሹት የቤተሰቡን የአናናስ ሥራ እንዲይዝና «የእኛ ቢጤ» የሚሏትን ሴት እንዲያገባ ነው። እሱ ግን ፍቅረኛው በምትሠራበት ድርጅት አስጎብኚ ሆኖ ይቀጠራል። አንዲት መምህርት አራት ልጃገረዶችን አስከትላ ለጉብኝት ስትመጣ ቅናቱና አለመግባባቱ ይጦፋል፤ ነገሩ ሁሉ ግን በሠርግ ያልቃል።

ይህ እ.ኤ.አ. በ1961 ለእይታ የበቃው «ብሉ ሃዋይ» ነው። ዳይሬክተሩ ኖርማን ቶሮግ፣ ወጣቱን ሆኖ የተጫወተው ኤልቪስ ፕሪስሊ፣ ፍቅረኛውን ሆና የተጫወተችው ጆዋን ብላክማን ናት። እናቱን ሆና የተወነችው አንጄላ ላንስበሪ ከኤልቪስ የምትበልጠው በዘጠኝ ዓመት ገደማ ብቻ ነበር። የሠርጉ ትዕይንት የተቀረጸው በካዋይ ደሴት በሚገኘው ኮኮ ፓልምስ ሆቴል ሲሆን፣ ሙሽሮቹ በአበባ ባጌጠ ታንኳ በውኃው ላይ ሲያልፉ ይታያሉ።

ባሕሩን በጀማና በወንጪት ሸለቆ፣ አናናሱን በጤፍና በማሽላ ቢለውጡት ታሪኩ የመርሐቤቴዋ ዓለም ከተማ ታሪክም ሊሆን ይችላል። ከሠራዊት የተመለሰ ጎረምሳና «የማን ልጅ ናት?» ብላ የምትጠይቅ እናት መርሐቤቴ ውስጥ አይጠፉም። እንዲህ ያለው ታሪክ የትም አገር ቶሎ ይገባል፤ ለዚህም ነው ፊልሙ ብዙ ማስረዳት ሳያሻው ጊዜውን ለዘፈን የሰጠው።

ዘፈኑ ነው ገንዘቡን ያመጣው። አሥራ አራት ዘፈኖች የያዘው የፊልሙ አልበም በአሜሪካ የሽያጭ ሰንጠረዥ 20 ሳምንት አንደኛ ሆኖ ቆየ። ከሁሉ የገነነው «ካንት ኸልፕ ፎሊንግ ኢን ላቭ» ሲሆን፣ ዜማው ከ18ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የፈረንሳይ የፍቅር ዘፈን የተወሰደ ነው። ቦታው ደግሞ ያስገርማል። ኤልቪስ ዘፈኑን የሚያዜመው ለፍቅረኛው አይደለም፤ ለልደቷ የሙዚቃ ሣጥን ላመጣላት ለፍቅረኛው አያት ነው። ሣጥኑ ሲከፈት ዜማው ይጀምራል፤ እሱም ይቀበለዋል። ዘፈኑ ከትዕይንቱ የወጣ እንጂ የተለጠፈበት አይመስልም።

ስኬቱ ግን ዋጋ አስከፈለ። ኤልቪስ ቁም ነገር ያላቸውን ሚናዎች ሞክሮ ነበር፤ ይህ ቀላል ፊልም ከእነሱ አብልጦ ሲሸጥ ግን አምራቾቹ ያንኑ ቀመር ደጋገሙት፦ ውብ ቦታ፣ ቆነጃጅት፣ ጥቂት ጠብ፣ ብዙ ዘፈን። ዘፋኙም እስከ እ.ኤ.አ. 1968 ድረስ አብዛኛውን ጊዜውን በእንዲህ ዓይነት ፊልሞች አሳለፈ።

በዚያው ዘመን አዲስ አበባ ላይ የኤልቪስን ፊልም አይቶ ፀጉሩን እንደሱ ያበጠረ ወጣት ነበር፤ አለማየሁ እሸቴ። በፖሊስ ኦርኬስትራ መድረክ ላይ የኤልቪስን ዘፈኖች በእንግሊዝኛ ይጫወት ነበር። ዝናው የናረው ግን በአማርኛ መዝፈን ሲጀምር መሆኑን ራሱ ለጋዜጠኞች ተናግሯል። እ.ኤ.አ. በ1969 አምሃ እሸቴ የግል የሸክላ ማሳተሚያውን ሲከፍት የመጀመሪያው ሸክላ የአለማየሁ ነበር። ነሐሴ 27 ቀን 2013 ዓ.ም. ሲያርፍም ብዙዎች የተሰናበቱት «የኢትዮጵያው ኤልቪስ» ብለው ነው። አለባበሱን ከፊልም ቢወስድም ያስወደደው የራሱ ቋንቋ ነው።

የአማርኛ ፊልም ግን ታሪክን በገጸ ባሕርያቱ ዘፈን በመንገር መንገድ ብዙም አልሄደም። ፖስተር ላይ «አስቂኝ የፍቅር ፊልም» የሚለው ጽሑፍ የተለመደ ነው፤ ተመልካቹም ይወደዋል። ሆኖም ዘፈኑ አብዛኛውን ጊዜ ማጀቢያ ነው። ፍቅረኞቹ ተኮራርፈው በየፊናቸው ሲሄዱ ከበስተጀርባ ይሰማል፤ ገጸ ባሕርያቱ ራሳቸው አይዘፍኑም።

ይህ የሆነው በዘፈን የመነጋገር ባህሉ ስለጠፋ አይደለም። አዝማሪ ማሲንቆውን ይዞ ሠርግ ቤት ሲገባ የተጋባዡን መልክ፣ ስም፣ ኩርፊያ እያየ እዚያው ይገጥማል። አንዱ እንግዳ «ተቀበል!» ብሎ ሁለት ስንኝ ይወረውራል፤ አዝማሪው ያንኑ በዜማ ይመልሳል፤ የተነካው ሰው ደግሞ በሌላ ግጥም አጸፋውን ይሰጣል። ፍቅር፣ ቅናት፣ ሽሙጥና ዕርቅ በአንድ ዳስ ውስጥ በዘፈን ይነገራሉ። ሆሊዉድ በብዙ ገንዘብ ያቀነባበረውን እኛ በየሠርጉ እናየዋለን።

ስለዚህ የፊልም ሠሪዎቻችን የሩቅ ደሴት መመኘት አያሻቸውም። የሚቀጥለውን አስቂኝ የፍቅር ፊልም ሲጽፉ አዝማሪውን ከሠርጉ ትዕይንት ጥግ ያውጡትና ታሪኩን የሚያንቀሳቅስ ገጸ ባሕርይ ያድርጉት።