እሑድ የማን ነበር?

ዲዬጎ ሪቬራ እ.ኤ.አ. በ1947 በጨረሰው ትልቅ የግድግዳ ሥዕል ላይ የሜክሲኮ ከተማው አላሜዳ መናፈሻ በእሑድ ከሰዓት ጎብኚዎች ተጨናንቋል። ባርኔጣ ያጠለቁ ጌቶችና ሐር የለበሱ እመቤቶች ይንሸራሸራሉ። ዓይኔን የሚይዘው ግን ከነባሩ ሕዝብ ወገን የሆነ አንድ ቤተሰብ ነው፤ ፖሊስ ከመናፈሻው ያባርረዋል።

ሪቬራ ይህን ከሐሳቡ አልፈጠረውም። በመስከረም 1910 ሜክሲኮ የነጻነቷን መቶኛ ዓመት ስታከብር፣ ለረጅም ዓመታት የገዛት ፖርፊርዮ ዲያዝ ለውጭ እንግዶች ማሳየት የፈለገው ፓሪስን የምትመስል ከተማ ነበር። በአላሜዳ የቤኒቶ ሁዋሬስ የእምነበረድ ሐውልት ተመረቀ። ለሐውልቱ ቦታ ለመልቀቅም የሎተሪ ዕጣ ይወጣበት የነበረው የብረት ሰገነት ተነቅሎ ወደ ሳንታ ማሪያ ላ ሪቤራ ሰፈር ተወሰደ። ለማኞችና የገበሬ ነጭ ልብስ የለበሱ ድሆች ደግሞ በዋና ዋና ጎዳናዎች እንዳይታዩ ተደረገ። ሁዋሬስ ራሱ ከሳፖቴክ ገበሬዎች የተወለደ መሪ ነበር፤ በስሙ በተደገሰ በዓል ወገኖቹ ከዓይን እንዲርቁ መደረጋቸው ዛሬም ያማል።

ሕዝቡ ግን መዝናኛ አላጣም። የቃጫ ዘመድ ከሆነው ከማጌይ የሚጠመቀው ፑልኬ የሚሸጥባቸው ቤቶች፣ መንግሥት የመዝጊያ ሰዓት ቢወስንባቸውም፣ ጠጪ አይጠፋባቸውም ነበር። ሲኒማ በነሐሴ 1896 ሲገባ መጀመሪያ ያየው ዲያዝ ነው፤ በቻፑልቴፔክ ቤተ መንግሥት። ከቀናት በኋላ ግን ለሕዝብ ታየ፤ ብዙም ሳይቆይ ሳልቫዶር ቶስካኖን የመሰሉ ሰዎች ማሳያውን ተሸክመው ከከተማ ከተማ ያዞሩት ጀመር። አብዛኛው ሰው ማንበብ በማይችልበት አገር ድምፅ አልባው ምስል ፊደል ሳይጠይቅ ገባ። ኋላም ዲያዝን የጣለውን አብዮት ጦርነት ተመልካቹ ያየው በዚያው ሸራ ላይ ነው።

አብዮቱ ራሱም ቢሆን የሕዝቡን እሑድ ለማረም ሞክሯል። ከአብዮቱ መሪዎች አንዱ የነበረው ቬኑስቲያኖ ካራንሳ በ1916 በዋና ከተማዋ የበሬ ፍልሚያን አገደ። ጭካኔውን መጥላቱ ትክክል ነበር እላለሁ፤ ነገር ግን እርምጃው ከላይ የወረደ ትእዛዝ ነበር። በ1920 ካራንሳ ተገደለ፤ በዚያው ዓመት ኮንዴሳ የተባለው የከተማዋ የበሬ ፍልሚያ ሜዳ ዳግም ተከፈተ።